ሃምሳ እርምጃ

ደገፋ አጭር ሰው ነበር። ይህንንም ከማንም ቀድሞ የሚናገረው ራሱ ነው። ሰው ገና አፉን ሳይከፍት፣ «እኔ እንኳ ከጉበን ጋር ተጣልቼ አላውቅም» ይላል። የጂንካ የጭቃ ቤቶች በራቸው ዝቅ ያለ ስለሆነ ረጃጅሞቹ ግንባራቸውን እያሻሹ ሲገቡ እሱ ቀና ብሎ ይገባል ማለቱ ነው። ሰው ይስቃል፤ እሱም አብሮ ይስቃል። ቤቱ ገብቶ ቁጭ ሲል ግን ያ ሳቅ ፊቱ ላይ እንደማይቆይ ሚስቱ ጥሩዬ ታውቅ ነበር።

ከባስኬቶ ወደ ጂንካ የወረደው በሃያ ዓመቱ የቀን ሥራ ፍለጋ ነው። ጭቃ አቦካ፣ ድንጋይ ተሸከመ፣ የሰው ቤት ሣር ከደነ። በ1983 መንግሥት ሲለወጥ የበኩር ልጁ ሩሃማ አምስት ዓመቷ ነበር። በዓመቱ የአውሮፕላን ሜዳው ዘበኛ አንጁሎ በወባ ሞተና ደገፋ በሱ ቦታ ተቀጠረ።

ያን ጊዜ የአውሮፕላን ሜዳ ማለት ከተማው መሀል የተዘረጋ ረጅም ሣር ነው። አውሮፕላኑ የሚመጣው በሳምንት ሁለት ቀን ነበር። በቀሩት ቀናት ከብት ይግጥበታል፣ ተማሪ ኳስ ይጫወትበታል፣ ሙዝ በጀርባቸው ያዘሉ ሴቶች ወደ ገበያ ሲሄዱ አቋርጠውት ያልፋሉ። የዘበኛው ሥራ የሞተሩ ድምፅ ከተራራው ጀርባ ሲሰማ ፊሽካ እየነፉ ሰውንም ከብቱንም ማስወጣት ነው። ሌላው ሥራ ድንጋዮቹ ነበሩ።

በሜዳው ግራና ቀኝ ጠርዝ በኖራ የተቀቡ ድንጋዮች ተደርድረዋል። እያንዳንዳቸው ትንሽ እንስራ ያህላሉ። ሜዳው መጀመሪያ ሲሠራ መሐንዲሶቹ በሜትር እየለኩ በየሃምሳ ሜትሩ አስቀምጠዋቸው ነበር። አንጁሎ ደግሞ እንደ ሸንበቆ የተመዘዘ የአሪ ሰው ነበርና እግሩን ዘርግቶ ሲራመድ አንዱ እርምጃው አንድ ሜትር ሆኖ ተገኘ። ከዚያ ወዲያ ሜትር ይዞ የመጣ ሰው የለም። የበልግ ዝናብ ድንጋዮቹን ጭቃ ውስጥ ያሰጥማቸዋል፤ ከብት ያንከባልላቸዋል፤ ጉልቻ የጎደላት ሴትም አንዱን ታነሣለች። ሰኔ ሲገባ አንጁሎ የሰመጠውን ያወጣል፣ የጎደለውን ከኔሪ ወንዝ ያመጣል፣ ያጥባል፣ ከዚያ «አንድ፣ ሁለት» እያለ ተራምዶ በሃምሳው ያስቀምጣል። እንዲህ እየተባለ ስንት ዓመት።

ደገፋ ከአንጁሎ የወረሰው ሦስት ነገር ነው፤ ፊሽካውን፣ መሬት ለመሬት የሚጎተተውን የዝናብ ካፖርት፣ እና ድንጋዮቹን።

በመጀመሪያው ሰኔ፣ ገና በጠዋት፣ ነቅሎ ያጠበውን አንዱን ድንጋይ ታቅፎ፣ ከመጀመሪያው ድንጋይ ተነሥቶ እግሩን የቻለውን ያህል እየዘረጋ መቁጠር ጀመረ። ሱሪው ጭኑ ላይ ተወጠረ። ጮክ ብሎ ነበር የሚቆጥረው። «አርባ ዘጠኝ፣ ሃምሳ!» ብሎ ቆመና ቀና ሲል የአንጁሎ ድንጋይ የነበረበትን ጉድጓድ አየው። ሣር ያልበቀለበት ክብ ቦታ ነው፤ ትንሽ ውኃ ቋጥሯል። እዚያ ለመድረስ ገና ከአሥር እርምጃ በላይ ይቀረዋል።

መንገዱ ዳር ሙዝ ያዘሉ ሦስት ሴቶች ቆመው ያዩታል።

«ወይ ጉድ! የአንጁሎ እርምጃ የት ሄደ?» አለች አንዷ።

«አብሮት ተቀበረ እንጂ!» አለች ሁለተኛዋ። ሦስተኛዋ እስከ ወገቧ ጎንበስ ብላ ሳቀች፤ ያዘለችው ሙዝ ከጀርባዋ ሊወድቅ ነበር።

ደገፋም ሳቀ። ድንጋዩን አንስቶ ጉድጓዱ ውስጥ መልሶ ማስቀመጥ ሕፃን የማያቅተው ነገር ነው። ግን ሃምሳ ቆጥሯል፤ ሰው ፊት፣ በራሱ አፍ፣ ሃምሳ ብሏል። ስለዚህ ድንጋዩን እግሩ የቆመበት ቦታ አስቀመጠው። ሴቶቹ ሲሄዱ ደግሞ ወደ ጉድጓዱ ሄዶ ሣር ያለበት አፈር ጣለበትና በተረከዙ ረገጠው። ቀጥሎ ያለውን ጉድጓድም፣ ከዚያ ቀጥሎ ያለውንም። ሜዳውን እስኪጨርስ በየጎኑ ስድስት ድንጋይ ጎደለው። እነሱንም ከኔሪ በትከሻው ተሸክሞ አመጣ። ለአብራሪዎቹ ነጩ መስመር መታየቱ እንጂ የድንጋዩ ቁጥር ግድ አልሰጣቸውም። ማንም አልጠየቀም። ደገፋም፣ «ማንን ይጎዳል?» አለ በልቡ።

በ1993 ከደብረ ታቦር የተመደበ ፋሲል የሚባል የስፖርት መምህር መጣ። ቀጭን፣ ፈጣን፣ ሲናገር እጁ የማያርፍ ወጣት ነው። ትምህርት ቤቱ የነበረው አንድ የተነፈሰ ኳስና አንድ መረብ የሌለው የመረብ ኳስ ምሰሶ ነበር፤ መምህሩ በበኩሉ አንገቱ ላይ በክር የተንጠለጠለ፣ ሰከንድ የሚቆጥር ስቶፕዎች ይዞ መጣ። ነገሩ ሁሉ ፍጥነት ነበር። ሰሌዳው ላይ «ፍጥነት ማለት ርቀት ሲካፈል ለጊዜ» ብሎ ጻፈና በዚያው ሳምንት ተማሪዎቹን ይዞ ወደ አውሮፕላን ሜዳው ወረደ።

«ጋሽ ደገፋ፣ እነዚህ ድንጋዮች መካከላቸው ስንት ነው?» ብሎ ጠየቀ።

«ሃምሳ።»

«ሜትር?»

«መሐንዲሶቹ የለኩት ነው» አለ ደገፋ። እሱም ቢሆን አንድ ጊዜ እውነት ነበር።

መምህሩ ደስ አለው። ትምህርት ቤቱ የነበረው ሜትር ተበጥሶ የቀረው ሁለት ክንድ የማይሞላ ነው። ይህ ደግሞ የመንግሥት ድንጋይ ነው፤ ማን ይጠረጥረዋል?

ከዚያ በኋላ ዓርብ ዓርብ ከሰዓት ሜዳው የፍጥነት ገበያ ሆነ። አንዱ ከአንደኛው ድንጋይ ይመታል ወይም ይወረውራል፤ መምህሩ ሁለተኛው ድንጋይ ጋ ቆሞ ስቶፕዎቹን ይጫናል። ውጤቱን በትልቅ ካርቶን ላይ እየጻፈ ክፍል ውስጥ ሰቀለው። በግራ በኩል የዓለሙ፣ በቀኝ በኩል የጂንካው። የሜዳ ቴኒስ ኳስ ሲለጋ በሰዓት ከሁለት መቶ ኪሎ ሜትር በላይ። በኃይል የተመታ የመረብ ኳስ መቶ ሠላሳ ያህል። የጠረጴዛ ቴኒስ መቶ ገደማ። ከሁሉም ተማሪውን ያስገረመችው ባድሚንተን የሚጫወቱባት የላባ ኳስ ነበረች። የዝይ ላባ ክብ ሆኖ ቡሽ ላይ የተሰካባት፣ ከእንቁላል የምትቀል ነገር ናት፤ ከራኬቱ ስትነሣ ግን ያን ጊዜ እንኳ ከሁለት መቶ ስልሳ ታልፋለች ተባለ። ዛሬማ ከአራት መቶም በላይ ተለክቷል ይላሉ።

«ጋሼ፣ ላባ እንዴት ኳስን ይቀድማል?» ብሎ ዮሲ ተከራከረ። ዮሲ የትምህርት ቤቱ የእግር ኳስ ቡድን አጥቂ ነው።

«ትቀድማለች፤ ግን አትደርስም» አለ መምህሩ። «አየሩ ላባዋን ይይዛታል። እዚህ ጋ እንደ ጥይት፣ እዚያ ጋ እንደ ቅጠል።»

በቀኝ በኩል ባለው የጂንካ ዝርዝር የዮሲ ምት መቶ አሥራ ሁለት ተብሎ ተጻፈ። ዮሲ ከዚያን ቀን ጀምሮ አረማመዱ ተለወጠ። ሴት ተማሪዎቹ፣ «መቶ አሥራ ሁለት፣ ውኃ ቅዳልን!» እያሉ ያበሽቁት ነበር።

ሩሃማ ዝምተኛ ልጅ ነበረች፤ የአባቷን ቁመት አልወረሰችም። ጥሩዬ ከከተማው ጀርባ በቆሎና ማሽላ ስለምትዘራ ሩሃማ ከስድስት ዓመቷ ጀምሮ ማማ ላይ ቆማ በወንጭፍ ወፍና ጦጣ ስታባርር ነው ያደገችው። ያ ክንድ ሥራ የለመደ ክንድ ነው። አንድ ዓርብ መምህሩ ወንጭፏን ይዛ እንድትመጣ ነገራት። ድንጋዩ ከእጇ ሲወጣ ፉጨቱ ተሰማ እንጂ መሄዱ አልታየም። መምህሩ ስቶፕዎቹን ሁለት ጊዜ አየውና መቶ ስልሳ አራት ብሎ ጻፈ። ቀጥሎ ሚስዮናውያን ትተውት የሄዱትን አሮጌ የቴኒስ ኳስ ሰጥቶ ያለ ወንጭፍ በእጇ አስወረወራት። ከድንጋይ እስከ ድንጋይ ልክ ሁለት ሰከንድ። ሃምሳ ለሁለት ሲካፈል ሃያ አምስት፤ በሰዓት ዘጠና ኪሎ ሜትር።

«ዘጠና!» ብሎ ጮኸ መምህሩ። «ሴት ልጅ፣ ሳትሠለጥን፣ በነጠላ ጫማ፣ ዘጠና!»

ሩሃማ በጫማዋ ጫፍ ሣሩን እየቆነጠረች አንገቷን ደፋች። ደገፋ የዝናብ ካፖርቱን በክንዱ ይዞ ዳር ቆሞ ነበር። ደስታው እስከ ጆሮው አቃጠለው። ድንጋዩን ግን ሳያየው አልቀረም። አየውና ፊቱን ወደ ከብቶቹ አዞረ።

መምህሩ ጦር ውርወራ ሊያስተምራት ተነሣ። ጦር ስለሌለ የባሕር ዛፍ አጣና አስልጦ፣ ጫፉን በእሳት ለብልቦ ሰጣት። ኳሱን የሚያፈጥን ክንድ ጦሩንም ያርቃል አለ። ሁለት ዓመት ሙሉ በየቀኑ ከትምህርት በኋላ ወረወረች። በ1995 መጀመሪያ ላይ አጣናው፣ መምህሩ ከድንጋይ እስከ ድንጋይ ዘርግቶ ሃምሳ እኩል ቦታ በቋጠረው ገመድ ሲለካ፣ ከሁለተኛው ድንጋይ ስምንት ቋጠሮ ብቻ ሲቀረው መሬት ይሰካ ጀመር። አርባ ሁለት ሜትር። በአዋሳ የክልሉ ውድድር ባለፈው ዓመት ያሸነፈችው ልጅ የወረወረችው ሠላሳ ዘጠኝ ነው።

ጥሩዬ በከሰል «90» ብላ የማድቤቱ በር ላይ ጽፋ ነበር። ከቁጥር ሌላ መጻፍ አትችልም።

ነገሩ የተወሳሰበው ከዚህ በኋላ ነው። ሩሃማ የአሥረኛ ክፍል ፈተናዋን ደህና አድርጋ አልፋ አርባ ምንጭ ለነርስ ሥልጠና ስሟ ወጣ። ምዝገባው ሦስት ቀን ብቻ ነው፤ በሦስቱ ቀን ያልተገኘ ቦታው ለሌላ ይሰጣል። የአዋሳው ውድድርም በዚያው ሳምንት ዋለ። እዚያ ያሸነፈ ለክልሉ ቡድን ተይዞ እየሠለጠነ ይማራል ተብሏል። አንዱን ከያዘች ሌላው ያመልጣታል።

«ነርስነት እጅሽ ላይ ያለ ነው» አለች ጥሩዬ በቆሎ እየፈለፈለች። «ጦሩ ገና አየር ላይ ነው።»

መምህሩ በበኩሉ፣ «እኔ አላስገድድሽም፤ ግን ዘጠና የወረወረ ክንድ መርፌ ሲወጋ ቢኖር ያሳዝናል» አለ።

ሩሃማ ሁለት ቀን አሰበች። በሦስተኛው ቀን ጠዋት ደገፋ ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ቦት ጫማው ላይ የደረቀውን ጭቃ በስንጥር ሲያራግፍ መጥታ አጠገቡ ቆመች። የትምህርት ቤት ሰማያዊ ሹራቧን ለብሳለች፤ ክርኑ ላይ ጥሩዬ በአረንጓዴ ክር የጠቀመችው።

«አባባ።»

«አቤት።»

«ድንጋዮቹን የምታስቀምጣቸው አንተ ነህ አይደል?»

ስንጥሩ እጁ ላይ ቆመ። «እኔ ነኝ።»

«ትምህርት ቤት ግቢ ስወረውር ቅርብ ይወድቅብኛል። ሜዳው ላይ ነው የሚርቅልኝ። እውነት ሃምሳ ናቸው?»

ደገፋ ቀና ብሎ አላያትም። «አይደሉም» ማለት ከባድ ቃል አይደለም። ግን «አይደሉም» ካለ ስለ ሜዳው ሁሉ መናገሩ ነው። የመምህሩ ካርቶን ይቀደዳል፤ የዮሲ መቶ አሥራ ሁለት ይወርዳል፤ ከተማው ሁሉ የዘበኛውን እግር ይለካል። ሙዝ ያዘሉት ሴቶች ሳቅ ጆሮው ውስጥ እንደ ትናንት ተሰማው። ከዚያ ደግሞ፣ «ምናልባት እኮ ልዩነቱ ትንሽ ነው» አለ ለራሱ። «ምናልባት ክንዷ ያካክሰዋል።»

«ሃምሳ ቆጥሬ ነው የማስቀምጠው» አላት።

«ሜትር?»

«ሃምሳ ነው አልኩሽ እኮ!»

በልጁ ላይ ድምፁን ከፍ ሲያደርግ የመጀመሪያው ነበር። ጥሩዬ እንኳ ከውስጥ ቀና አለች። ሩሃማ ዓይኗን ሰበረች።

«እሺ አባባ» አለች። ገብታም ልብሷን እያጠፈች ፌስታል ውስጥ መክተት ጀመረች፤ ለአዋሳ።

የአዋሳን ነገር ደገፋ የሰማው ከመምህሩ ነው። ሜዳው ላይ በብረት ሜትር ይለካ ነበር፤ ነጭ ቆብ ያደረጉ ሁለት ሰዎች ጫፍና ጫፉን ይዘው። ሩሃማ በሕይወቷ እውነተኛ ጦር ስትይዝ የመጀመሪያዋ ቀን ነው። የመጀመሪያው ውርወራዋ ሠላሳ ሦስት ሜትር ከስልሳ ሆነ። ውጤት የሚጠራው ሰው ቁጥሩን ሁለት ጊዜ ተናገረው። ሩሃማ ወደ መምህሯ ዞር ብላ አየች፤ እሱም፣ «ፈርተሻል! ፍርሃት ነው! ክንድሽን ልቀቂው!» ብሎ ጮኸ። ሁለተኛውን ከፊተኛው በላይ ጉልበት ጨምራ ወረወረች፤ አንድ ሜትር እንኳ አላተረፈችም። በሦስተኛው የጠፋባትን ስምንት ሜትር ፍለጋ ያላትን ሁሉ አወጣች። ትከሻዋ ውስጥ የሆነ ነገር እንደ ደረቅ እንጨት ሲሰበር አጠገቧ የቆሙት ልጆች ሰሙት። ጦሩ እግሯ ሥር ወደቀ።

በሐኪም ቤት ክንዷን ከአንገቷ ጋር በጨርቅ አስረው ላኳት። ጂንካ ስትደርስ የአርባ ምንጩ ምዝገባ ካለቀ አምስት ቀን ሆኖት ነበር። ጥሩዬ የማድቤቱን በር በእርጥብ ጨርቅ ስታሽ ዋለች፤ ከሰሉ ግን ጣውላው ውስጥ ገብቶ ነበርና ጥላው አልለቀቀም።

«ፈራሁ መሰለኝ» አለች ሩሃማ። «ሰው ሲበዛብኝ ፈራሁ። እዚህ ዘጠና የነበረው እዚያ ጠፋብኝ።»

ደገፋ እዚያው ተቀምጦ ነበር። «ጌታ ያውቃል» አለ። ያን ጊዜ ቢናገር ኖሮ ቢያንስ «ፈራሁ» እያለች ራሷን መውቀሱ ይቀርላት ነበር።

መምህሩ በዓመቱ ወደ አገሩ ተዛወረ፤ ስቶፕዎቹንም ይዞት ሄደ። ዮሲ ሾፌር ሆነ። የሩሃማ ቀኝ ክንድ ከትከሻዋ በላይ አልወጣም አለ። ጸጉሯን መሥራት፣ ከቆጥ ላይ ዕቃ ማውረድ፣ ውኃ ተሸክሞ መነሣት ሁሉ በግራ ሆነ። በሃያ ሁለት ዓመቷ ወይጦ በምትባል የመንገድ ዳር ከተማ የሚሠራ ጎሚስታ አገባት፤ ሁለት ልጅ ወልዳለት አንድ ቀን በጭነት መኪና ተሳፍሮ ወደ ሞያሌ ሄደና በዚያው ቀረ። እሷ ወይጦ ቀረች፤ ባስ ሲቆም ማንጎና ሙዝ ትሸጣለች። ለገና ጂንካ ስትመጣ የአባቷን እግር ታጥባለች፤ በግራ እጇ። እሱ ውኃው ውስጥ እግሩን እያየ ይቀመጣል።

ጥሩዬ በ2008 ሞተች። አውሮፕላኑም ወደ አዲሱ ማረፊያ ሄደና የድሮው ሜዳ ዘበኛ የማይፈልግ ባዶ ሣር ሆነ። ደገፋ ግን ከልማዱ አልወጣም፤ በየሰኔው ኖራ በጥብጦ ይሄዳል፤ የቀሩትን ድንጋዮች ይቀባል። «ጋሽ ደገፋ፣ ለማን ነው የሚቀቡት?» ሲሉት፣ «ለዓይን» ይላል።

በ2016 በሜዳው ዳር መንገድ ሊያወጡ ቀያሾች መጡ። መነጽር ያደረገች መስከረም የምትባል ወጣት ነበረች ሥራውን የምትመራው። ደገፋ ድንጋዩ ላይ ተቀምጦ ሲያያቸው ሜትሩን ከሱ ድንጋይ እስከ ቀጣዩ ዘረጉት።

«አርባ ሜትር ከአሥር» ብላ ጠርታ ጻፈች። ቀጣዩንም ለካች። «ሠላሳ ዘጠኝ ከዘጠና። የሚገርም ነው አባባ፣ ማን እንዳስቀመጣቸው አላውቅም፤ ግን እጁ አይዛነፍም። ሁሉም አርባ አርባ ናቸው።»

ሠላሳ ሁለት ዓመት ሙሉ «ምናልባት ትንሽ ነው» ሲል የኖረው ነገር ቁጥር ሆኖ ወጣ። ቤቱ ገብቶ ከሣጥን ውስጥ የሩሃማን አሮጌ ደብተር አወጣ። መምህሩ ያስጻፋት አካፋፈል ነበረበት። ደገፋ እስከ አራተኛ ክፍል ነው የተማረው፤ እርሳሱን በምራቁ እያራሰ ቀስ ብሎ ሠራው። አርባ ለሁለት፣ ሃያ። በሰዓት ሰባ ሁለት። ከዚያ ጦሩን፤ አርባ ሁለት ያሉት ከአምስት አንድ እጁ ሲቀነስ፣ ሠላሳ ሦስት ከስልሳ። እርሳሱን አስቀመጠው። ልጅቱ አዋሳ ላይ አልፈራችም፤ ጂንካ ላይ የወረወረችውን ያንኑ ነው የወረወረችው፣ ሴንቲ ሜትር ሳይቀር።

በማግስቱ ጠዋት የወይጦን መኪና ያዘ።

ወይጦ ሲደርስ ፀሐዩ አናት ይበሳል። ሩሃማ ከሌሎች ሻጮች ጋር ዛፍ ጥላ ሥር ተቀምጣ ማንጎ በፌስታል አራት አራት ታደርጋለች። ገና ሳታየው አጠገቧ ያለችው ሴት፣ ሱአድ ነው ስሟ፣ ጠራቻት።

«ዘጠና! ያ ሽማግሌ አንቺን ነው መሰለኝ የሚያየው!»

ደገፋ ባለበት ቆመ። «ለምንድነው እንዲህ የምትያት?» ብሎ ጠየቀ።

«አያውቁም እንዴ? እሷ እኮ በልጅነቷ ዘጠና ወርዋሪ ነበረች! ባስ እንኳ እንደዚያ አይሄድም። ሾፌሮቹ ሲፎክሩብን እሷን ነው የምናስፎክርባቸው» አለች ሱአድ እየሳቀች። ሩሃማም ፈገግ አለች፤ ፊቷ አንዴ እንደ ልጅነቷ ሆነ። ከዚያ አባቷን አወቀችውና ተነሣች።

«አባባ! ምነው? ሰው ሞተ?»

«ማንም አልሞተ። ተቀመጪ።»

ፍራፍሬ መያዣ ሣጥን ገልብጣ አስቀመጠችው። እሱም ዓይኑን ከማንጎዎቹ ሳይነቅል ነገራት። ስለ አንጁሎ እግር፣ ስለ ጉድጓዶቹ፣ በተረከዙ ስለረገጠው ሣር፣ ትናንት ስለተዘረጋው ሜትር። ደብተሩን ከኮቱ ኪስ አውጥቶ ጉልበቷ ላይ አስቀመጠላት።

ሩሃማ ቁጥሮቹን በጣቷ እየተከተለች አነበበች። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል። «ሰባ ሁለት» አለች። ደግሞም፣ «እንግዲያ አልፈራሁም ነበር» አለች።

ደገፋ ይቅርታ መሰለውና ቀና አለ። እሷ ግን የምታየው ጭኗ ላይ የተኛውን ቀኝ እጇን ነበር።

«የመጀመሪያው የራሴ ልክ ነበር ማለት ነው። እሱን ወርውሬ ብቀመጥ ኖሮ፣ ሦስተኛውን ባልወረውር ኖሮ።» አልጨረሰችውም። «እኔ ጠይቄህ ነበር አባባ። ደጃፉ ላይ ቆሜ፣ በአፌ ጠይቄህ ነበር። ለምንድነው ያልነገርከኝ?»

«ሰው ይስቅብኛል ብዬ።»

«ሰው ይስቅብኛል ብለህ» አለች ቀስ ብላ፤ እንደማያውቁት ቋንቋ ቃል ደጋገመችው። «ሰው ይስቅብኛል ብለህ።»

ከኮንሶ በኩል የሚመጣው ባስ አቧራውን እየጎተተ ታየ። ሻጮቹ ተነሡ።

«ዘጠና! ባስ መጣ፣ ተነሺ!» አለች ሱአድ።

ሩሃማ አልተንቀሳቀሰችም። ሱአድ ደግማ ጠራቻት።

«ሩሃማ ነው ስሜ» አለች። ድምፅዋ ዝቅ ያለ ነበር፤ ሱአድ ግን ሳቋን አቆመች። ሩሃማ ደብተሩን አጥፋ ለአባቷ መለሰችለት፤ ፌስታሎቹን በግራ ክንዷ ላይ ደረደረች፤ ሄደች።

ደገፋ ወደ ጂንካ የሚመለሰው በዚያው ባስ ነበር። ወጣና በአራተኛው መስኮት አጠገብ ተቀመጠ። መስታወቱን እስከ መጨረሻው ገፋው። ከታች ሻጮቹ «ማንጎ! ሙዝ!» እያሉ ይሯሯጣሉ። ሩሃማ ከፊት ጀምራ መጣች። ለመጀመሪያው መስኮት በግራ እጇ ፌስታል ዘረጋች። ለሁለተኛው። ሦስተኛው ላይ አንዲት ሴት ማንጎውን እየጨበጠች ስታማርጥ ቆየች፤ ሩሃማ ክንዷን ሳታወርድ ጠበቀቻት። ደገፋ ራሱን በመስኮቱ አወጣ፤ እጁንም አዘጋጀ።

ሩሃማ ከሦስተኛው መስኮት ወደ አምስተኛው አለፈች።

ባሱ ሲነሣ አቧራው በተከፈተው መስኮት ገባ። ከኋላው የተቀመጠ ሰው፣ «አባት፣ ይዝጉት እንጂ!» አለው። ደገፋ አልሰማም። እጁ ከመስኮቱ ውጭ እንደ ተዘረጋ ነበር።